ወፍራሙን ጅራት የት እናስቀምጠው?

ይህ ጽሑፍ ባሕር ዳር ላይ ለድኅረ ምረቃ ተማሪዎች፣ ከግብርና ምርምር ለመጡ ባለሙያዎችና ለላቦራቶሪ ሠራተኞች ስለ ወፍራም ጅራት ስርጭቶች፣ ማለትም አልፎ አልፎ እጅግ ትልቅ ቁጥር ስለሚያመጡት፣ ያቀረብሁት ንግግር ነው። መሐል ላይ መብራት ስለጠፋ ግማሹን የጨረስሁት በጠመኔ ነው፤ ስለዚህ እዚህ ሥዕል የለም፣ ቁጥሮቹ ግን እንዳሉ ናቸው።

እንደምን አመሻችሁ። ሰላምታውን ላሳጥርና ሃያ ቁጥሮች ልጻፍላችሁ፦ 1፣ 0፣ 3፣ 0፣ 0፣ 5፣ 0፣ 5፣ 0፣ 6፣ 107፣ 0፣ 0፣ 0፣ 1፣ 0፣ 0፣ 64፣ 0፣ 35። አማካያቸው ስንት ነው? እዚያ ጥግ ያለው ወንድሜ በስልኩ ቀድሞ አወጣው፤ 11.35። ልክ ነው። አሁን ደግሞ ወደ 11 የሚጠጋውን ቁጥር ፈልጉልኝ። የለም! ከሃያዎቹ 11ዱ ዜሮ ናቸው፤ ከ6 ቀጥሎ ያለው 35 ነው። 107፣ 64 እና 35 ብቻቸውን ከ227 ድምር ውስጥ 206ቱን ይዘዋል። አማካዩ ማንንም አይመስልም።

እነዚህ ቁጥሮች እ.ኤ.አ. በ1943 ከታተመ ሥራ የመጡ ናቸው። ሳልቫዶር ሉሪያ ከፋሺስት ኢጣሊያ የወጣ ሐኪም ነበር፤ ማክስ ዴልብሩክ ደግሞ ከፊዚክስ ወደ ሥነ ሕይወት የዞረ ጀርመናዊ። ሁለቱም ያኔ አሜሪካ ነበሩ። ጥያቄያቸው ሲነገር ቀላል ነው። ኢ ኮላይ የተባለው ባክቴሪያ ላይ ባክቴሪያ ገዳይ ቫይረስ ሲደፋበት አብዛኛው ያልቃል፣ ጥቂቱ ይተርፋል፤ ሃያዎቹ ቁጥሮች በየቱቦው ለየብቻ ካደገ ባክቴሪያ የተረፉት ብዛት ናቸው። የተረፈው መቋቋሙን ያገኘው ቫይረሱ ሲነካው ነው? ወይስ ቫይረሱ ከመምጣቱ በፊት በአጋጣሚ ተለውጦ ቆይቷል?

ሁለቱ መልሶች ሁለት የተለያዩ ስርጭቶችን ይተነብያሉ። መቋቋሙ ቫይረሱ ሲነካ የሚመጣ ከሆነ፣ እያንዳንዱ ሴል ትንሽ ዕድል ይኖረዋል፤ ከቱቦ ቱቦ የሚቆጠረው የተራፊ ብዛት ፖይሰን ስርጭትን (እምብዛም የማይደርስ ነገር ሲቆጠር የሚወጣውን) ይከተላል፣ ቫሪያንሱም (ቁጥሮቹ ከአማካዩ ምን ያህል እንደተበተኑ የሚለካው) ከአማካዩ ጋር ይቀራረባል። በእኛ ሃያ ቁጥሮች ይህ ቢሆን ቫሪያንሱ 11 አካባቢ መሆን ነበረበት። አስሉት፤ ከ700 በላይ ነው፤ ስለዚህ ለውጡ ቫይረሱ ከመምጣቱ በፊት ነበረ። ሉሪያ ሐሳቡ የመጣለት በኢንዲያና ዩኒቨርሲቲ የመምህራን ዳንስ ምሽት ላይ፣ ባልደረባው በሳንቲም ማሽን ቁማር ሲጫወት እያየ እንደነበር ራሱ ጽፏል። ማሽኑ ብዙ ጊዜ ምንም አይሰጥም፤ ሲሰጥ ግን ያፈሰዋል።

ስሌቱን በጥቂቱ እንየው፤ የዛሬው ነገር ሁሉ እዚህ ውስጥ አለና። ባክቴሪያ በየትውልዱ እጥፍ ይሆናል። ለውጡ በመጨረሻው ትውልድ ከደረሰ የሚተርፈው አንድ ነው። አንድ ትውልድ ቀደም ብሎ ከደረሰ ሁለት፣ አሥር ትውልድ ቀድሞ ከደረሰ 1,024። ወደ ኋላ በሄድን ቁጥር ግን የሴሎቹ ብዛት ግማሽ ግማሽ ስለሚሆን፣ ለውጡ በዚያ ትውልድ የመድረስ ዕድሉም በግማሽ ይቀንሳል። ዕድሉ በግማሽ ሲቀንስ ዘሩ በእጥፍ ይጨምራል፤ ሁለቱ ይጣፋሉ። ስለዚህ እያንዳንዱ ትውልድ ለአማካዩ የሚያዋጣው እኩል ነው፣ የጥንቱም የቅርቡም። ብዙ ቱቦ ባሳደጋችሁ ቁጥር ቀድሞ የተለወጠ አንድ ሴል የማግኘት ዕድላችሁ ይጨምራል፣ አማካዩም አንድ ቦታ ረግቶ ከመቀመጥ ይልቅ እያደገ ይሄዳል። ወፍራም ጅራት የምንለው ይህንን ነው። ትልቅ ቁጥር የመምጣት ዕድሉ ይቀንሳል፣ ግን እየተጎተተ ነው የሚቀንሰው።

ለጤና ባለሙያዎቻችን በቅንፍ አንድ ነገር ልጨምር። የሳንባ ነቀርሳ በአንድ መድኃኒት ብቻ የማይታከምበት አንዱ ምክንያት ከዚሁ ጋር የተያያዘ ነው፤ መድኃኒቱን የሚቋቋመው ባክቴሪያ መድኃኒቱ ከመምጣቱ በፊት እዚያው ሳንባ ውስጥ ሊኖር ይችላል። ሉሪያና ዴልብሩክ ከአልፍሬድ ኸርሺ ጋር እ.ኤ.አ. በ1969 ኖቤል ተሸልመዋል።

አሁን ሁለት ስርጭቶችን ጎን ለጎን እናቁም። አንደኛው ሁላችሁም የምታውቁት ኖርማል ነው፤ ደወል መሳይው። ሁለተኛው የኮሺ ስርጭት ይባላል፣ በፈረንሳዊው የሒሳብ ሰው በኦጉስተን ኮሺ ስም። ከሩቅ ሲያዩት እሱም ደወል መሳይ ነው። ፍርዱ ትክክል እንዲሆን ሁለቱንም ግማሹ መረጃ ከ1 በታችና ከ−1 በላይ እንዲያርፍ አድርገን እንለካቸው። ከ5 በላይ ርቆ የመገኘት ዕድሉ በኖርማሉ ከ1,300 አንድ ገደማ ነው፤ በኮሺው ከ8 አንድ። ርቀቱን ወደ 10 እናሳድገው። ኮሺው ከ16 አንድ ይሆናል፣ በግማሽ ቀነሰ። ኖርማሉስ? ከ65 ቢሊዮን አንድ ገደማ። በኖርማል ዓለም የሚኖር ሰው 10ን ካየ መሣሪያው ተበላሽቷል ይላል። በኮሺ ዓለም የሚኖር ሰው ሻዩን መጠጣቱን አያቋርጥም።

ኮሺ ሌላም ጠባይ አለው፤ አማካይ የለውም። አንድ ሺህ ልኬት ወስዳችሁ አማካያቸውን ብታወጡ ውጤቱ እንደ አንዱ ልኬት ያህል የሚዋልል ነው፣ ምንም አልረጋም። ይህን ለማመን የሚቸገር ካለ የቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ለማሠራት ገቢ የሚሰበሰብበትን ቀን ያስብ። ድምፅ ማጉያው ሲዞር አንዱ 100፣ ሌላው 200፣ ሌላዋ 500 ብር ትላለች። ከዚያ ከኋላ አንድ ነጋዴ ይነሳና ግማሽ ሚሊዮን ይላል፤ እልልታው ይቀልጣል። ከዚያ በኋላ «በአማካይ ሰው ስንት ሰጠ?» ብሎ መጠየቅ ትርጉም የለውም። የዚያኑ ግቢ ሰው ቁመት ብትለኩ ግን የቱንም ያህል ረጅም ሰው ቢገባ አማካዩን ንቅንቅ አያደርገውም። በአንድ ግቢ ውስጥ፣ በአንድ ሕዝብ ላይ፣ ሁለት ዓይነት ስርጭት አለ። ጥያቄው ሁልጊዜ «ምን እየለካን ነው?» የሚለው ነው።

ጂኖም (የአንድ ፍጡር ሙሉ ዲኤንኤ) ውስጥ የነጋዴው ዓይነት ነገር ይበዛል። የሰው ጂኖም ወደ 3 ቢሊዮን ፊደል፣ ፕሮቲን የሚሠሩ ጂኖቹ ወደ 20,000 ናቸው። ከደም ናሙና አርኤንኤ (ከጂን የሚቀዳውን መልእክት) አውጥታችሁ ፊደሉን በመሣሪያ ብታስነብቡ ከመልእክተኛው አርኤንኤ እስከ 70 በመቶ የሚደርሰውን የሄሞግሎቢን ጂኖች ብቻ ሊወስዱት ይችላሉ፤ ላቦራቶሪዎች ይህን አርኤንኤ ቀድመው የሚያስወግዱበት ዘዴ የሚገዙት ለዚህ ነው። የጂን ቤተሰቦችንም እዩ። አብዛኛው ቤተሰብ አንድ ሁለት አባል ነው ያለው፤ የማሽተት ተቀባይ ጂኖች ግን በሰው ላይ የሚሠሩት ብቻ 400 ገደማ ናቸው። መንስኤው መባዛት ነው። ብዙ ቅጂ ያለው ቤተሰብ ሌላ ቅጂ የማግኘት ዕድሉ ከፍ ይላል፤ ላለው ይጨመርለታል እንደተባለው። ዩድኒ ዩል የተባለ ብሪታንያዊ የስታትስቲክስ ሰው ይህን ስሌት እ.ኤ.አ. በ1925 ጽፎት ነበር፣ ያኔ ስለ ዕፅዋትና እንስሳት ወገኖች መጠን እያሰበ።

እዚህ ላይ የግል ቅሬታ አለኝ። መረጃቸውን በሎጋሪዝም ወረቀት ላይ ነጥበው፣ ቀጥ ያለ መስመር የመሰለ ነገር ሲያዩ «የኃይል ሕግ አገኘን» (ዕድሉ በቁጥሩ የተወሰነ ርቢ ልክ ይቀንሳል) የሚሉ ጽሑፎች በዝተዋል። ሎግኖርማል የሚባለው (ሎጋሪዝሙ ኖርማል የሆነው) ስርጭትም በዚያ ወረቀት ላይ ረጅም መንገድ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። መስመር ማየት አይበቃም፣ ሌላውን አማራጭም ሞክሮ ማወዳደር ያስፈልጋል። ዛሬ ግን የኃይል ሕግ አልሰብክላችሁም። እኔ የምፈልገው ወፍራም ጅራትን እንደ መሣሪያ ማየት ነው።

መሣሪያው ከቢራ ፋብሪካ ነው የመጣው። ዊልያም ጎሴት ደብሊን በሚገኘው በጊነስ ቢራ ይሠራ ነበር፤ ገብስና ሆፕስ (የነሱ ጌሾ) ላይ ሙከራ ያደርጋል፣ ናሙናው ግን ሁልጊዜ ጥቂት ነው። አራት፣ አምስት፣ ስድስት ልኬት። በጥቂት ናሙና ላይ መደበኛ ልይይቱ ራሱ በደንብ አይታወቅም፤ ይህን አለማወቅ በስሌቱ ውስጥ ስታስገቡት የደወሉ ጅራት ይወፍራል። እ.ኤ.አ. በ1908 «ተማሪ» በሚል የብዕር ስም አሳተመው። ሁላችሁም የምትሠሩበት ቲ ቴስት እሱ ነው። ናሙናው ሲበዛ ቲው ወደ ኖርማል ይጠጋል፤ ወደ ታች ስንወርድ፣ የነጻነት ደረጃው (ከናሙናው ብዛት አንድ ተቀንሶ የሚገኘው) 1 ሲሆን፣ ቲው ቅድም ያየነው ኮሺ ራሱ ነው። ጠላ የሚጠምቁ እናቶቻችን ጌሾውን በእጅ ልክ ያውቁታል፤ ጎሴት ፋብሪካ ስለሚመግብ ቀመር አስፈለገው።

አሁን ወደ ጣና እንምጣ። ገበያ ላይ ነጭ ዓሣ የምንለውና ሳይንሱ ላቤኦባርበስ የሚለው ወገን በዚህ ሐይቅ 15 ዝርያ ተለይቶለታል። ከነዚህ 8ቱ ዓሣ በል ናቸው። ከሐይቁ ደለል የተወሰዱ ናሙናዎች ጣና ከ15,000 እስከ 17,000 ዓመት በፊት ባለው ጊዜ ደርቆ እንደነበር ያሳያሉ፤ በዝግመተ ለውጥ ዓይን ይህ ትናንት ነው። የዓሣዎቹ ጂኖም ደግሞ ስድስት እጥፍ ነው (ስድስት ስብስብ ክሮሞዞም ይዟል)፣ ወደ 150 ክሮሞዞም አላቸው። በዓለም ያሉ የዓሣ ተመራማሪዎች ይህን ሐይቅ የሚያውቁት በነዚህ ዓሣዎች ነው፤ እኛ ግን ጥብሱ ላይ ነው የምንበረታው።

አንድ ሙከራ እናስብ። ከዓሣ በሎቹ ሦስት፣ ከሌሎቹ ሦስት ዓሣ ወስደን ከመንጋጋቸው አርኤንኤ እናስነብባለን። መንጋጋቸው የሚለያየው በየትኛው ጂን ነው? ስድስት እጥፍ ጂኖም ላይ አንዱን ቅጂ ከሌላው መለየት የራሱ ፈተና አለው፣ ለዛሬ ተፈቷል ብለን እንለፈው። ሠንጠረዡ ተሠርቶ መጣልን። አንደኛው ጂን በመጀመሪያው ወገን 0፣ 0፣ 1 ጊዜ ተነበበ፤ በሁለተኛው 4፣ 0፣ 9። ሌላው ጂን በመጀመሪያው 980፣ 1,100፣ 1,020፤ በሁለተኛው 2,050፣ 1,900፣ 2,250። በእጥፍ ብቻ ከደረደርናቸው የመጀመሪያው 13 እጥፍ ነው፣ ሁለተኛው 2 እጥፍ። የመጀመሪያው ከዝርዝሩ አናት ይወጣል። ግን ማን ነው በ0፣ 0፣ 1 የሚምል? ያችን አንዷን ንባብ ብታነሷት እጥፉ ማለቂያ የሌለው ይሆናል። በአንጻሩ ሁለተኛው ጂን ሦስቱም ዓሣ ላይ አንድ ቃል ነው የተናገረው።

ስለዚህ ግምቶችን ወደ ዜሮ መሳብ ያስፈልጋል። እምነታችንን በቅድመ ግምት እንገልጻለን፤ «አብዛኛው ጂን አይለያይም፣ ልዩነቱ ዜሮ አካባቢ ነው» እንላለን። ብዙ መረጃ ያለው ጂን ይህን እምነት ይረታዋል፣ ትንሽ መረጃ ያለው ይሸነፍና ወደ ዜሮ ይሰበሰባል። እስከዚህ ማንም አይጣላም። ጠቡ የሚመጣው የእምነታችን ቅርጽ ምን ይሁን ሲባል ነው፤ ኖርማል ወይስ ኮሺ?

በቁጥር እንየው። ልዩነቱን በሁለት መሠረት ሎጋሪዝም እንለካ፣ የልኬቱም ስህተት 1 ይሁን፣ የቅድመ ግምቱም ስፋት 1። መረጃው 0.5 ቢል፣ ማለትም አንድ ከግማሽ እጥፍ እንኳ የማይሞላ ልዩነት ቢሆን፣ ኖርማሉ ቅድመ ግምት ወደ 0.25 ያወርደዋል። ኮሺውም ከዚያ እምብዛም አይርቅም፤ ሩብ ገደማ ላይ ያሳርፈዋል። በትንሹ ነገር ላይ ሁለቱ ተስማሙ። አሁን መረጃው 6 ይበል፣ ማለትም 64 እጥፍ። ኖርማሉ ያለምንም ማመንታት ግማሹን ቆርጦ 3 ያደርገዋል፤ 64 እጥፍ የነበረው 8 እጥፍ ሆነ። ኮሺውስ? 5.65 ገደማ ይላል። 50 እጥፍ። በኮሺው ዘንድ 6 የሚገርም ነገር አልነበረምና ለመረጃው ይለቅለታል። ኖርማሉ ግን 6 ሊኖር እንደሚችል ከመነሻው አላመነም፤ ስለዚህ ይጎትታል።

መንጋጋን የሚለውጠውን ጂን ፍለጋ ወጥተን፣ ስናገኘው በገዛ እጃችን ስምንት እጥፍ አሳንሰነው እንመለስ ማለት ነው። ጩኸቱ እንዲጠፋ ስንል የምንፈልገውን ድምፅም አጠፋነው።

ይህ የጠመኔ ሒሳብ ብቻ አይደለም። የጂን ንባቦችን የሚያወዳድረውን ዴሴክ 2 የሚባለውን ሶፍትዌር ብዙዎቻችሁ ትጠቀሙበታላችሁ፤ እ.ኤ.አ. በ2014 ማይክል ላቭ፣ ቮልፍጋንግ ሁበርና ሲሞን አንደርስ ሲያወጡት ቅድመ ግምቱ ኖርማል ነበር። ቆይተው አንቺ ዡ፣ ጆሴፍ ኢብራሂምና ራሱ ላቭ ቅድመ ግምቱን ወደ ኮሺ የቀየረ ዘዴ አወጡ፤ የስፋቱንም መጠን ከራሱ ከመረጃው ይገምታል። ዛሬ በአር የፕሮግራም ቋንቋ ያንን የመሳብ ትእዛዝ ስትሰጡ ካልቀየራችሁት በስተቀር የሚሠራው ይኸው ነው። ብዙ ሰው ትእዛዙን ጽፎ ያልፋል፤ ከኋላው የማን ጅራት እንዳለ አይጠይቅም።

እስካሁን ወፍራሙን ጅራት ለእምነታችን ሰጠን። ለልኬቱ ስህተት ብንሰጠውስ? ከስድስቱ ዓሣ አንዱ ፀሐይ ላይ ቆይቶ ከሆነ፣ ወይም ቱቦው ውስጥ የጎረቤት ናሙና ገብቶበት ከሆነ፣ አንድ ጂን ላይ ከሌሎቹ ጋር የማይገጥም ቁጥር ይዞ ይመጣል። ስህተቱን በኖርማል ከገለጽን ያ አንድ ቁጥር አማካዩን ይዞት ይሄዳል፤ ኖርማል ስህተት እንዲህ ያለ ብልሽት አለ ብሎ አያምንምና ሁሉንም እንደ እውነት ይቀበላል። ስህተቱን በቲ ወይም በኮሺ ከገለጽን ግን ያ ቁጥር ክብደት ያጣል። «ይህ ብልሽት ይሆናል» ተብሎ ይታለፋል።

እስቲ ልብ በሉ፤ ያው አንድ ስርጭት ነው። ቅድመ ግምት ላይ ሲቀመጥ ትልቁን ቁጥር ያድናል። ስህተቱ ላይ ሲቀመጥ ያንኑ ትልቅ ቁጥር ይጥላል። እምነታችንና መረጃችን ሲጋጩ ጅራቱ ወፍራም የሆነው ወገን ነው የሚለቀው፤ ቀጭኑ ይረታል። ሁለቱም ቀጭን ከሆኑ መሐል ላይ ይታረቃሉ፤ ያ ቅድም 6ን 3 ያደረገው እርቅ ነው፣ ሁለቱም ወገኖች የማያምኑበት ቁጥር። ሁለቱም ወፍራም ከሆኑ ደግሞ እርቅ የለም፤ መልሱ ሁለት ጉብታ ይሆንና አንዱ እምነቱ ላይ፣ ሌላው መረጃው ላይ ይቆማል። እኔ ይህን ሁለት ጉብታ እወደዋለሁ፤ አማካይ ብቻ የሚያትም ሶፍትዌር ግን ይደብቅባችኋል።

ስለዚህ የትኛው ቦታ ይሻላል የሚለው የሚወሰነው በሒሳብ አይደለም። ዓሣውን ማን እንዳጠመደው፣ በረዶው መቼ እንደቀለጠ፣ ቱቦውን ማን እንደሞላው የምታውቁት እናንተ ናችሁ። ናሙናችሁን የምታምኑ ከሆነ ጅራቱን ለእምነቱ ስጡት። ሰብሳቢው እናንተ ካልሆናችሁና ማቀዝቀዣው ስንት ሰዓት መብራት እንዳጣ ካላወቃችሁ ለስህተቱ ስጡት።

በጂኖምና በመልክ መካከል ያለውን ግንኙነት ስንፈልግም ነገሩ ይመለሳል። የሰው ቁመት ላይ እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣ ጥናት ከ5.4 ሚሊዮን ሰው መረጃ 12,111 የዲኤንኤ ልዩነቶችን ለይቷል፤ አብዛኞቹ የሚያመጡት ለውጥ ከቁጥር የማይገባ ነው። በሌላ በኩል የሩዝን ቁመት ውሰዱ። የፎገራን ሜዳ የምታውቁ፣ ረጅም ሩዝ ፍሬው ሲከብድ እንደሚጋሸብ ታውቃላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1966 ከፊሊፒንስ የወጣው አይ አር 8 የተባለው አጭር ሩዝ ያጠረው በዋናነት በአንድ ጂን ለውጥ ነው። አዋቂ ሰው ወተት ሲጠጣ ሆዱ መታወክ አለመታወኩም እንዲሁ በአንድ አጭር የዲኤንኤ ቁራጭ ላይ ባሉ ጥቂት ልዩነቶች ይወሰናል፤ የእኛ አገር ሰው ላይ ደግሞ ከአውሮፓውያን የተለዩ በርካታ ልዩነቶች እዚያው ቁራጭ ላይ ተገኝተዋል። እልፍ ትንንሽ፣ እጅግ ጥቂት ግዙፍ። ለዝርያ ማሻሻያ ትንበያ ቅድመ ግምት የምትመርጡ የግብርና ሰዎች፣ ኖርማሉ ለቁመት ዓይነቱ ይበቃችኋል፤ አንድ ግዙፍ ጂን ይኖራል ብላችሁ ከጠረጠራችሁ ግን እሱን ለአሥር ሺህ ጎረቤቶቹ አከፋፍሎ ያጠፋባችኋል።

አንድ የመጨረሻ አጠቃቀም በአጭሩ። በአንድ ጂን ውስጥ ብዙ ልዩነቶችን ስትፈትኑ ብዙ ፒ ቫልዩ (እውነተኛ ግንኙነት ሳይኖር እንዲህ ያለ ውጤት በአጋጣሚ የመምጣት ዕድል) ይወጣል፤ ጎረቤት ልዩነቶች አብረው ስለሚወረሱ እርስ በርስ ይያያዛሉ፣ እንደ ነጻ ቆጥሮ ማጣመር አይቻልም። መላው እያንዳንዱን ፒ ወደ ኮሺ ቁጥር ለውጦ አማካዩን መውሰድ ነው። 0.5 ዜሮ ይሆናል፣ 0.001 ደግሞ 318 ገደማ። እስቲ አምስት ይኑሩን፦ 0.5፣ 0.7፣ 0.2፣ 0.9 እና 0.00001። የመጨረሻው ብቻውን 31,831 ሆኖ ሌሎቹን ይውጣቸዋል፤ ተመልሶ ሲሰላ 0.00005 ይወጣል። ቅድም አማካይ የለውም ብለን ያማነው ስርጭት እዚህ ጥቅሙ ያ ጠባዩ ነው፤ ቁጥሮቹ ቢተሳሰሩም የጅራቱ ዳር ብዙም አይለወጥም። አንድ ማስጠንቀቂያ ግን አለ። ወደ 1 በጣም የተጠጋ ፒ ካለ በተቃራኒው አቅጣጫ ያንኑ ያህል ግዙፍ ይሆንና መልካሙን ሊያጣፋው ይችላል። ፒ ልክ 1 ከሆነማ ሁሉን ያፈርሳል።

ከዚህ በኋላ ጥያቄ ቀጠለ። ሁለቱን ብቻ እጽፋለሁ።

አንዲት የሁለተኛ ዲግሪ ተማሪ ተነሥታ፣ «መምህር፣ የዓሣ ዲኤንኤ ብላስት ላይ፣ ተመሳሳዩን ከመረጃ ቋት የሚፈልገው ፕሮግራም ላይ፣ ስናስገባ ኢ ቫልዩ የሚባል ይሰጠናል። እሱስ ወፍራም ጅራት ነው?» አለች።

ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ምክንያቱም መልሱ «መካከል ላይ ነው» የሚል ነው። ኢ ቫልዩ ማለት በአጋጣሚ ብቻ ይገኛሉ ተብለው የሚጠበቁ መመሳሰሎች ብዛት ነው። ብላስት እ.ኤ.አ. ከ1990 ጀምሮ የሚሠራበት ስሌት ከብዙ ማስተካከያዎች ውስጥ የትልቁን ነጥብ ስርጭት ነው የሚያየው። የትልቆች ስርጭት ደግሞ ኖርማል አይሆንም፤ ጉምበል የሚባለው ነው የሚሆነው። ጅራቱ ከኖርማል ይወፍራል፣ ግን እንደ ኮሺ አይደለም። በቢት በሚለካው ነጥብ ላይ አንድ ሲጨመር ኢ ቫልዩው በግማሽ ይቀንሳል። የሚፈለግበት የመረጃ ቋት እጥፍ ሲሆን ደግሞ ያው ነጥብ ይዞ ኢ ቫልዩው እጥፍ ይሆናል። ስለዚህ ከአምስት ዓመት በፊት የሠራችሁትን ፍለጋ ዛሬ ብትደግሙት፣ ዓሣው ያው ዓሣ ሆኖ ኢ ቫልዩው ከፍ ብሎ ቢመጣ አትደንግጡ፤ ቋቱ አድጎ ነው። «እኔ እኮ ተሳስቼ መስሎኝ ሁለት ጊዜ ደገምሁት» አለችና አዳራሹ ሳቀ።

ሁለተኛው ጠያቂ በግብርና ምርምር የቆዩ አንድ አዛውንት ነበሩ። «ልጄ፣ ይህን ሁሉ ጅራት ተውና፣ ገንዘብ ቢጨመርልን ሦስቱን ዓሣ በጥልቀት እናስነብብ ወይስ ዓሣ እንጨምር?» አሉ።

«ጋሼ፣ በሰሌዳው ላይ ቦታ ካለ ልሥራው» አልሁና ሠራሁት። አንድ ጂን በአማካይ 1,000 ጊዜ ተነበበ እንበል። የንባቡ ፖይሰን ቫሪያንስ 1,000 ነው። ከዓሣ ዓሣ ያለው የተፈጥሮ ልዩነት ደግሞ ከአማካዩ ካሬ ጋር ያድጋል፤ የመበተኛ ቁጥሩ 0.1 ከሆነ 100,000 ይጨምራል። በአማካዩ ካሬ ስናካፍለው ከንባቡ የሚመጣው 0.001፣ ከዓሣው የሚመጣው 0.1 ነው፤ ድምር 0.101። ንባቡን እጥፍ ብናደርገው 0.0005 ሲደመር 0.1፣ ማለትም 0.1005 ይሆናል። ገንዘቡ ወጣ፣ ምንም አልተለወጠም። ዓሣውን ከሦስት ወደ ስድስት ብናደርገው ግን የአማካዩ ቫሪያንስ እኩል ለሁለት ይከፈላል። እምብዛም ለማይነበቡ ጂኖች፣ በአሥር ንባብ ለሚቆጠሩት፣ ሒሳቡ ይለያል፤ እዚያ የንባቡ ድርሻም 0.1 ስለሚሆን ጥልቀት ይረዳል።

«ታዲያ ዓሣው እኮ እዚሁ ደጃችን ነው» አሉ። አዎ፤ ዋጋው ግን የሚቆጠረው በዓሣው ሳይሆን በየናሙናው አርኤንኤ ማውጫና ላይብረሪ (ለማስነበቢያ የሚሰናዳው የዲኤንኤ ስብስብ) ማዘጋጃ ነው፣ ያውም ማቀዝቀዣ ውስጥ ተጓጉዞ በሚመጣ ኬሚካል። ስለዚህ በጀት ስትጽፉ ለአንድ ናሙና የሚወጣውን ይህን ወጪ አስቀድማችሁ ጠይቁና፣ የንባቡን ጥልቀት በሚቀረው ገንዘብ ወስኑ አልኋቸው።